መዋሸት የተማረች ካልኩሌተር

«የሂሳቡ መምህር ሚስት ለልኬት መጥታ ነበር» አለች ልብስ ሰፊዋ ጎረቤት፣ ስፒሎቿን በከንፈሯ እንደያዘች። ይቺ ሴት ስትሰፋ ስፒሉን አፏ ላይ ነው የምትሰካው፤ ወሬዋ በጥርሷ መሃል ተሹለክልኮ ስለሚወጣ ጆሮውን ያላስጠጋ ሰው ግማሹ ያመልጠዋል። እንዲያመልጠው የሚፈልግ ደግሞ የለም። «ባሌ እራት እምቢ አለኝ አለች። ምነው፣ አሞት ነው ብላት፣ አይ፣ ልጆቹ ካልኩሌተሯን መዋሸት አስተምረዋት ተናዶ ነው አትለኝ መሰለሽ።»

«ዕቃ ደግሞ ይዋሻል?» አለች እናትየው። እጆቿን ወደ ጎን ዘርግታ፣ ግማሹ በተሰፋ ቀሚስ ውስጥ እንደ ወፍ ማስፈራሪያ ቆማለች።

«ሰው ካስተማረው ምን ያርግ። በቀቀንስ ሲያስተምሩት ይሳደብ የለ?»

ጉንዳን የስፒል ትራሱን ይዛ እናቷ እግር ስር ተንበርክካ ነበር። ጉንዳን መቼም ስሟ አይደለም፤ ከራሷ የሚበልጥ ቦርሳ አዝላ ስትሄድ ያዩ የክፍል ልጆች ያወጡላት ነው፤ አሁን አሁን እናቷም ስትቸኩል በሱ ነው የምትጠራት። ካልኩሌተር የሚለውን ስትሰማ ጆሮዋን አቀናች።

«ታዲያ ሠሪውን አወቀው?» አለች እናትየው።

«ገና ነው። ግን ካገኘሁት ከነገው ፈተና አስወጥቼ ዓመቱን አስደግመዋለሁ ብሎ ምሏል።» ልብስ ሰፊዋ አንድ ስፒል ከአፏ ነቅላ የቀሚሱ ጫፍ ላይ ሻጥ አደረገች። «እንዴት አድርገህ ልታገኘው ነው ብትለው፣ አንድ ጥያቄ ይበቃኛል ብሎ ሳቀ አሉ። መልሱን ሁሉም ያውቁታል፤ ልክ የመለሰ ይያዛል፣ የተሳሳተ ይድናል ብሎ። እስቲ ይሄ ምን ማለት ነው? እኔማ ቁጥር ብዛት ሰውየውን ነካው እንዴ ብዬ ነው የፈራሁ።»

«እኔ ያዘንኩት ለእናቱ ነው» አለች እናትየው። «ልጄ ይማርልኛል ብላ ደፋ ቀና ስትል...»

ጉንዳን ጣቷን ስፒሉ ወጋት። አልጮኸችም። ደሙን መጠጥ አድርጋ ቀና ስትል፣ ልብስ ሰፊዋ ቁልቁል እያየቻት ነው።

«አንቺ ምነው አመድ መሰልሽ?»

«ምንም እትዬ። ስፒሉ ነው።»

«ፈተናው ነው እንጂ» አለች እናትየው እየሳቀች። «ይቺ ልጅ ፈተና ሲደርስ ቀለሟ ይጠፋል። ቀሚሱንም የማሰፋው ለሷ ውጤት ቀን አይደል? ስሟ ሲጠራ እናቷ ቡትቶ ለብሳ ልትቆም ነው?»

እንግዲህ እናትየው ፀጉር ሠሪ ናት፤ ያቺ ልብስ ሰፊ ናት። አንዷ ወገብ ስትለካ፣ አንዷ ፀጉር ስታበጥር፣ ከሁለቱ መሃል ያመለጠ ወሬ በሰፈሩ የለም። ጉንዳንን ካስፈራት አንዱ ይሄ ነው። ነገ የሚሆነው ነገር ከነገ ወዲያ ማበጠሪያ ላይ ይደርሳል።

ነገሩ ከሥሩ ሲነገር እንዲህ ነው። ትምህርት ቤቱ ለክፍሉ ልጆች ግራፍ የምትስል ካልኩሌተር አድሎ ነበር፤ ጀርባዋ ላይ በጥፍር ቀለም ቁጥር ተጽፎባት። እንደ ሱቅ ካልኩሌተር ደምራ ቀንሳ የምትተኛ አይደለችም። መስኮቷ ሰፋ ያለ ነው፤ ቀመር ሲሰጧት መስመሩን አጉብጣ አቃንታ ትስለዋለች፤ ትእዛዝ በትእዛዝ ከጻፉላት ደግሞ እንደ ታዛዥ ልጅ የተባለችውን ሁሉ በተርታ ትሠራለች። ፕሮግራም የሚሉት ይሄንኑ ነው። ጉንዳን ቤት ኮምፒውተር የለም፤ ስለዚህ ዓመቱን ሙሉ በነዚያ ጥቃቅን ቁልፎች፣ ፊደል በፊደል፣ ነጥብ በነጥብ፣ አንድ ጨዋታ ሠራች። ፍርፋሪ የተሸከመች ጉንዳን አለች፤ ከላይ የሰው ጫማ ዱብ ዱብ ይላል፤ ጉንዳኗ ሳትረገጥ ጉድጓዷ መድረስ አለባት። በቃ ይሄው ነው። ግን እዚያ ክፍል ውስጥ ያልተጫወተው ልጅ አልነበረም። ቀን ምንም ሳትናገር የምትውለው ልጅ፣ ሰው በሷ ጨዋታ ሲስቅ ስትሰማ ጆሮዋ ይሞቃል።

ክፉው ነገር ፈተና ነው። ቀመር ደብቆ እንዳይገባ፣ ከፈተና በፊት ሁሉም የካልኩሌተሩን ሜሞሪ ማጥፋት አለበት። ቁልፎቹን ሲጫኑ «ሜሞሪው ጸድቷል» የሚል ጽሑፍ ብቅ ይላል፤ መምህሩ በየወንበሩ እየዞረ ያንን ጽሑፍ ያያል። ከጠፋ ደግሞ ጨዋታውም ይጠፋል። ቀድሞ ጉንዳን በገመድ አገናኝታ ሌላ ክፍል ያለች ልጅ ካልኩሌተር ላይ ታሳድረው ነበር፤ ያቺ ልጅ ከተማ ለቅቃ ሄደች። የሚያሳድርላት ስታጣ፣ አንዲት ትንሽ ፕሮግራም ጻፈች። ያቺ ፕሮግራም ምንም አታጠፋም፤ «ሜሞሪው ጸድቷል» የሚለውን ጽሑፍ ቁጭ አድርጋ ታሳያለች፣ አለቀ። መምህሩ አይቶ አለፈ። ጉንዳን ቀመር አልደበቀችም፤ ቀመሩን በቃሏ ታውቀዋለች። የደበቀችው ጉንዳኗን ብቻ ነው።

ይሄንንም ለአንድ ሰው ብቻ ነገረች። ያ አንድ ሰው ሬዲዮ ነበረች።

ሬዲዮን ሬዲዮ ያሏት ስለማትዘጋ ነው። በሳምንቱ ግማሹ ክፍል ያቺን ትንሽ ፕሮግራም በገመድ ተቀባብሎ፣ ሜሞሪውን በቀመር ሞልቶ፣ ባለፈው የክፍል ፈተና ተቀመጠ። እዚያ ላይ ነው ነገሩ የተበላሸው። ቀመሩን ያስገባው ካፒቴን የሚሉት የኳስ ቡድኑ አምበል ነው፤ መደመር ባለበት ቦታ መቀነስ ጽፎ ነበር። ግማሹ ክፍል ያችኑ ስህተት፣ ያችኑ ቦታ ላይ፣ ኮፒ አድርጎ ሰጠ። መምህሩ ወረቀቱን ሲያርም መጀመሪያ ሳቀ፤ ቀጥሎ እራቱን ተወ።

ልብስ ሰፊዋ ስትወጣ ጉንዳን ወደ ፀጉር ቤቱ ገባች። የቤታቸው ፊት ለፊት ያለው ክፍል ነው፤ ደንበኛ አልነበረም። የተበላሸው የፀጉር ማድረቂያ ስር ተቀመጠች፤ ከልጅነቷ ጀምሮ ስትፈራ የምትደበቀው እዚያ ነው፣ ያ ትልቅ ቆብ ጭንቅላቷ ላይ ሲደፋ ዓለም የማያያት ይመስላታል። ካልኩሌተሯን ጉልበቷ ላይ አስቀመጠች።

ልክ የመለሰ ይያዛል። የተሳሳተ ይድናል።

ምን ዓይነት ጥያቄ ነው? ደጋግማ ስታስበው ድንገት ክው አለች። በዓመቱ መጀመሪያ፣ ገና ጨዋታውን ሳትጀምር፣ ካልኩሌተሯን በእውነት አጽድታ የሠራችው ፈተና ትዝ አላት። ያን ቀን የማዕዘን ጥያቄ ሁሉ ተበላሽቶባት ነበር። ምክንያቱም ማዕዘን በሁለት መንገድ ይለካል፤ በዲግሪም በራዲያንም። ክፍል ውስጥ የሚሠሩት በዲግሪ ነው፤ ካልኩሌተሯ ግን በእውነት ስትጸዳ፣ እንደተወለደች ቀን ወደ ራዲያን ትመለሳለች። ሲን ሠላሳ በዲግሪ ግማሽ ነው፤ ይሄን እንቅልፋም ተማሪም ያውቀዋል። በእውነት የጸዳች ካልኩሌተር ግን ከዜሮ በታች የሆነ ጅራታም ቁጥር ታወጣለች።

እንግዲያው መምህሩ «ሲን ሠላሳን ተጭናችሁ አሳዩኝ» ካለ አለቀ። ግማሽ ያወጣ ሁሉ ውሸታም ነው። የውሸቷ ፕሮግራም ጽሑፉን ታሳያለች እንጂ ዲግሪውን አትነካውም። ካልኩሌተሯን ይዛ ወጣች።

ሬዲዮን ያገኘቻት እነሬዲዮ የሚኖሩበት ፎቅ ደረጃ ላይ ነው። ያን አጭር ጥቁር ገመድ እንደ ሐብል አንገቷ ላይ አጥልቃ ብስኩት ትቆረጥማለች።

«ተበላን» አለች ጉንዳን። ድምፅዋ ለራሷም አልተሰማትም።

«ማን አለሽ?»

«ልብስ ሰፊዋ።»

«እሷ ካለችማ አለቀ። እኔ ራሴ ከሷ ነው የምቀዳው።» ሬዲዮ ብስኩቱን አስቀመጠች።

ጉንዳን የሰማችውን ነገረቻት።

«ልክ የመለሰ ከተያዘማ እኔን ምን አስፈራኝ» አለች ሬዲዮ።

«አትፎግሪ። ዲግሪው ነው።» ጉንዳን ሁሉንም አስረዳቻት፤ ስታስረዳ ጥርሷ ይንገጫገጫል። «አንድ መስመር ይጎድለዋል። ጽሑፉን ስታሳይ አብራ ወደ ራዲያን እንድትቀይር የሚል ትእዛዝ ብጨምርበት፣ ማንም አይለየውም።»

«አንድ መስመር ብቻ? ታዲያ ጨምሪያ፣ ምን ቆርጦሽ ታለቅሻለሽ?»

«አላለቀስኩም።»

«ሰማሁ» አለ ከላይ አንድ ድምፅ። ካፒቴን ኳሱን በብብቱ ይዞ በደረጃው ሁለት ሁለት እየዘለለ ወረደ። ረጅም ነው፤ ሁለት ደረጃ ከላይ ሲቆም ደግሞ ጣሪያ የሚነካ መሰለ። «ጎበዝ። ጠዋት ደወል ሳይደወል ከቤተ መጻሕፍቱ ጀርባ ነይና አዲሱን በገመድ አካፍዪን።»

«እኔ ለናንተ ብዬ አልሠራሁትም» አለች ጉንዳን።

«ለማን ብለሽ እንደሠራሽው ለቲቸር ትነግሪዋለሽ።» አልጮኸም፤ እንደውም ፈገግ ብሎ ነበር፤ ያ ነው ይበልጥ ያስፈራት። «እኛ ስንያዝ ብቻችንን አንያዝም፣ ገባሽ? የመጀመሪያው ስም ያንቺ ነው።» ኳሱን አንዴ ደረጃው ላይ አነጠረና ሄደ። ድምፁ እስከ ታች ዱብ ዱብ እያለ ወረደ። ልክ እንደ ጨዋታዋ ጫማ።

ሬዲዮ አንገቷ ላይ ያለውን ገመድ ትጠመዝዝ ጀመር።

«እኔ እኮ» አለች ሬዲዮ በመጨረሻ፣ ዓይኗን ሰብራ፣ «ለአንድ ሰው ብቻ ነው የሰጠሁት።»

«ለማን?»

«ለካፒቴን።»

ጉንዳን ተነስታ ሄደች።

ፀጉር ቤቱ ውስጥ፣ እዚያው ቆብ ስር፣ መስመሩን ጻፈችው። ከሰላምታ የማይረዝም ነገር ነው። ሞከረችው፤ ጽሑፉ ብቅ አለ፣ ሲን ሠላሳን ተጫነች፣ ያ ጅራታም ቁጥር ወጣ። ፍጹም ነው። መምህሩ አይደለም፣ የሠራው ፋብሪካ ቢመጣ አይለየውም። ደስ ሊላት ይገባ ነበር። ግን አላላትም። ነገ በዚህ ቢያልፉስ? መምህሩ ሌላ ጥያቄ ያመጣል፤ እሷ ሌላ መስመር ትጨምራለች። ካፒቴን ደረጃ ላይ ቆሞ ይጠብቃታል። እንደገና ሌላ መስመር። ውሸቷ የድመት ግልገል መስላት ነበር፤ ለካ አድጋ በየቀኑ ሥጋ የምትጠይቅ ናት።

«እስቲ ከኋላ እይልኝ፣ ይንዘላዘላል እንዴ?»

እናቷ አዲሱን ቀሚስ ለብሳ በሩ ላይ ቆማለች፤ ስፒሎቹ ገና አልወጡም፣ እንዳይወጓት እንደ ሰዓት እጅ ቀስ እያለች ትዞራለች።

«አይንዘላዘልም።»

«በደንብ ሳታዪ።» መስታወቱ ፊት ቆማ ትከሻዋን አስተካከለች። «ያ ልጅ ከሐሳቤ አልወጣ አለኝ እኮ። ያ ካልኩሌተር ያስዋሸው። ማን ያውቃል፣ እዚሁ ፀጉሯን የምትሠራ ደንበኛዬ ልጅ ይሆናል። ነገ ወጥቶ እናቱን በምን ዓይኑ ያያታል?»

ጉንዳን ዓይኗን ከካልኩሌተሯ አላነሳችም። «ምናልባት... ፈርቶ ይሆናል።»

«ፈርቶ ከሆነማ ገና ልጅ ነው፣ አልተበላሸም» አለች እናቷ፣ ስፒሉ ወግቷት ፊቷን አጨማደደች። «ኧረ ይቺ ሴት ልትገድለኝ ነው። ነይ፣ ይሄን ንቀይልኝ።»

ጉንዳን ነቀለችላት። ወደ ቦታዋ ስትመለስ፣ የጨመረችውን መስመር ፊደል በፊደል ሰረዘችው። ከዚያ እውነተኛዎቹን የማጽጃ ቁልፎች ተጫነች። ካልኩሌተሯም እንደ ወትሮዋ ጠየቀች፤ እርግጠኛ ነሽ? ጉንዳን ጣቷን ቁልፉ ላይ አድርጋ ጠበቀች። ጣቷ አልታዘዝ አላት። ዓመት ሙሉ የለቀመቻት ፍርፋሪ ናት። አይደለሁም የሚለውን ተጭና ተመለሰች፤ ጨዋታውንም አንዴ ተጫወተች፤ ጉንዳኗ ገና ሦስተኛው ጫማ ላይ ተረገጠች። እንደዚያን ዕለት ቶሎ ሞታ አታውቅም።

ጠዋት ትምህርት ቤት የደረሰችው ደወል ሳይደወል ነው። ከቤተ መጻሕፍቱ ጀርባ ሬዲዮ ብቻዋን ትጠብቃታለች፤ ሌሎቹ ከወዲያ ግድግዳው ሥር ተኮልኩለው፣ ገመዳቸውን ይዘው፣ ወደነሱ ያያሉ።

«ጨመርሽው?» አለች ሬዲዮ።

ጉንዳን ካልኩሌተሯን አውጥታ ቁልፎቹን ተጫነች። ያው ጥያቄ መጣ፤ እርግጠኛ ነሽ? ጣቷ ይንቀጠቀጣል፤ በሌላኛው እጇ አንጓዋን ያዘችና አንድ ላይ ተጫነችው። ጽሑፉ ወጣ። ይሄኛው ከሷ ጽሑፍ ጋር አንድ ነው፣ በነጥብ አይለይም። የፕሮግራሞቹን ዝርዝር ከፈተች። ባዶ ነው።

ሬዲዮ አንገቷን አስግጋ አየች። «ጉንዳኗስ?»

«የለችም።»

ሬዲዮ ለመጀመሪያ ጊዜ ጣቢያዋ ተቋረጠ።

«ለሁሉም ንገሪያቸው» አለች ጉንዳን። «ሲን ሠላሳ ነው የሚጠይቀው። መስመሩን አልጨመርኩም፤ አልጨምርምም። በእውነት ያጥፉት በያቸው።»

«ይበሉሻል እኮ።»

«አውቃለሁ።» ካልኩሌተሯን ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች። «ንገሪያቸው።»

ሬዲዮ መጀመሪያ የራሷን አጠፋች፣ አጠፋፏም እንደ መራራ መድኃኒት ዓይኗን ጨፍና ነው፤ ከዚያ ወደ ግድግዳው ሮጠች። እንግዲህ ዕድሏ ሆኖ፣ ዓመቱን ሙሉ ያወራችውን ውሸት ሁሉ ያመኗት ልጆች፣ እውነት ያወራች ቀን አላመኗትም። አንዳንዶቹ ፈርተው አጠፉ። ካፒቴን ግን ሳቀ። «ነቄ ነኝ። እሷ ብቻዋን ልታልፍ ነው፤ አዲሱን ለራሷ ይዛዋለች» ሲል ጉንዳን ከሩቅ ሰማችው። ደወሉ ተደወለ።

ፈተና ክፍሉ ውስጥ መምህሩ በሩን ዘጋ። ቀጭን ሰው ነው፤ ያን ቀን ደግሞ የባሰ ቀጥኗል፣ እራት የተወ ያስታውቃል። «ካልኩሌተራችሁን አጽዱ። ካጸዳችሁ በኋላ ምንም ሳትነኩ ወደ ላይ አንሱ» አለ። ሁሉም ተጫነ፣ ሁሉም አነሳ፤ በየመስኮቱ ላይ ያው ጽሑፍ። ከፊት እስከ ኋላ አንድ ዓይነት ነው። መምህሩ እያየ ራሱን ነቀነቀ።

«ደህና። አሁን ሲን ሠላሳን ተጫኑ። ቆማችሁ መልሱን አሳዩኝ።»

ከኋላ አንዱ «በጣም ቀላል ነው» ብሎ ሳቅ አለ። ማን እንደሆነ መገመት አያቅትም።

መምህሩ በየረድፉ መዞር ጀመረ። ጅራታም ቁጥር ያለውን «ተቀመጥ» ይላል። ግማሽ የወጣለትን ካልኩሌተሩን ይቀበልና ጠረጴዛው ላይ ይደረድራል፤ ምንም አይናገርም። ሁለተኛው ረድፍ ላይ ሲደርስ ነገሩ ለክፍሉ ገባው፤ ሳቁ ጠፋ፤ አንዲት ልጅ ማልቀስ ጀመረች። የጉንዳንን አየ፤ «ተቀመጪ» አለ። ተቀመጠች። የካፒቴን ተራ ሲደርስ ካልኩሌተሩን አልሰጥም ብሎ ያዘ።

«ቲቸር፣ እኛ አይደለንም የሠራነው» አለ። ረጅም ጣቱ ክፍሉን አቋርጦ ጉንዳን ላይ አረፈ። «እሷ ናት። ጠይቃት።»

የፈሩት ይደርሳል ይባል የለ፤ ደረሰ። የክፍሉ ጭንቅላት ሁሉ ወደ አንድ ዞረ። ጉንዳን ያቺን የፀጉር ማድረቂያ ቆብ ናፈቀች። መምህሩ ወደ ወንበሯ ተመልሶ መጣ፤ ጫማው ወለሉ ላይ ዱብ፣ ዱብ ይላል። እላይዋ ላይ ቆመ።

«እውነት ነው?»

ሬዲዮ ከጎን ረድፍ ሆና ዓይኗን አፍጥጣ ጭንቅላቷን ትወዘውዛለች፤ አይደለሁም በይ፣ አይደለሁም በይ። ማስረጃ እኮ የለም። ካልኩሌተሯ ባዶ ናት።

ጉንዳን ተነሳች። ጠረጴዛውን ይዛ ነው የተነሳችው። «አዎ ቲቸር። እኔ ነኝ።»

መምህሩ ካልኩሌተሯን አንስቶ አየው፤ ዝርዝሩን ከፈተ፤ እስከ ታች ወረደ፤ ምንም የለም። «ያንቺ ግን በእውነት ጸድቷል።»

«አዎ።»

«ለምን ሠራሽው ታዲያ?»

«ጨዋታ ነበረኝ። እንዳይጠፋብኝ ብዬ።»

«የጉንዳኗ?» አለ መምህሩ። ጉንዳን ደነገጠች፤ ለካ እሱም ያውቀዋል። «የት አለ አሁን?»

«የለም።»

መምህሩ ዝርዝሩን ዘጋው። ጉንዳን በሩን አየችው፤ ወደ በሩ የሚወስደውን መንገድ በዓይኗ ለካችው፤ ከዚያ ወዲያ ያለውን፣ እናቷን፣ ማበጠሪያውን፣ ቀሚሱን።

«ከፈተና በኋላ ቢሮዬ ትመጫለሽ» አለ መምህሩ። «ነገ ደግሞ ከእናትሽ ጋር። ይሄ ነገር በዚህ አያልቅም።» ካልኩሌተሯን ጠረጴዛዋ ላይ መልሶ አስቀመጠ። «አሁን ወደ ዲግሪ መልሺውና ተቀመጪ። አለበለዚያ ሁሉንም ትስቻለሽ።» ከዚያ ወደ ክፍሉ ዞረ። «ካልኩሌተራቸው የተወሰደባቸው በእጅና በእስክሪቢቶ ይሠራሉ።»

እናቷ ነገ እዚህ ትቆማለች፤ ምናልባት በዚያው ቀሚስ። ዛሬውኑ፣ ልብስ ሰፊዋ ሳትቀድማት፣ ራሷ መንገር አለባት። ይሄን ስታስብ ጉንዳን እንደገና ፈራች፤ ግን የዲግሪውን ቁልፍ ስትፈልግ ጣቷ አልተንቀጠቀጠም።

ካፒቴን ገና እንደቆመ ነው። «ይሄማ ግፍ ነው» አለ፤ ከኋላው ያሉትም አጉረመረሙ፣ ማጉረምረሙ ከወንበር ወንበር እየጨመረ መጣ። «የሠራችው እሷ፣ ካልኩሌተሯ እጇ ላይ። እኔ ምን አጠፋሁ ቲቸር? የተጠየቅኩትን እኮ ልክ መለስኩ።»

ሬዲዮ ከወንበሯ ሳትነሳ ወደ ኋላ ዞረች።

«አዎ» አለችው። «ዓመት ሙሉ አንድ ቀን ልክ መለስክ፤ እሱም አስያዘህ።»